ወደ ጅማ ለምትዛወሩ ወላጆች፦ ልጅን ትምህርት ቤት የማስገቢያ ምክር ከፎቶ ኮፒ ቤት

ጅማ፣ ሂርማታ አካባቢ፣ ከትምህርት ቤት አጥር ፊት ለፊት ትንሽ የጽሕፈት መሣሪያ መደብር አለችኝ። ደብተርና እስክሪብቶ እሸጣለሁ፣ ፎቶ ኮፒ አደርጋለሁ፣ ፕሪንት አወጣለሁ፣ ጉርድ ፎቶ አነሳለሁ። ነሐሴ ሲጋመስ ግን ሥራዬ ይቀየርና አማካሪ እሆናለሁ። ክፍያ የለውም።

የሚመጡት አዲስ ገቢዎች ናቸው። ባሏ ዩኒቨርሲቲ የተቀጠረላት፣ ሚስቱ ሆስፒታል የተመደበችለት፣ ባንክ ያዛወረው፣ ቡና ሊነግድ የመጣ። ከአዲስ አበባ 350 ኪሎ ሜትር ያህል ተጉዘው፣ ዕቃቸውን ገና ሳይፈቱ፣ ልጃቸውን በእጃቸው ይዘው ይገባሉ። "እህቴ፣ እዚህ ከተማ በአማርኛ የሚያስተምር ትምህርት ቤት አለ?" አለ እላቸዋለሁ። ከዚያ ወንበር ስቤ አስቀምጣቸዋለሁ፤ የሚቀጥለው ወሬ ረጅም ነውና። ይህን የምጽፈው በየዓመቱ ባንኮኒ ተደግፌ የምደጋግመውን ለመገላገል ነው።

እኔ እዚሁ ተወልጄ ያደግሁ ነኝ። አባቴ የወሎ ሰው ነበር፣ እናቴ ከየም ብሔረሰብ ናት። ቤት ውስጥ አማርኛ፣ ደጅ ላይ አፋን ኦሮሞ ነው ያደግነው። የመጀመሪያ ልጄ በአማርኛ ተማረ፣ ሁለቱ ታናናሾቹ በአፋን ኦሮሞ። ስለዚህ ሁለቱንም መንገድ ከደጁ ሳይሆን ከውስጡ አይቼዋለሁ።

መጀመሪያ ወረቀቱ

ምዝገባ የሚጧጧፈው በነሐሴ መጨረሻና በጳጉሜ ነው። መስከረም ላይ የደረሰ ሰው ይንከራተታል። በተለይ የአማርኛ ክፍል የሚፈልግ ሰው ቀደም ብሎ ይምጣ፤ ክፍሎቹ ጥቂት ናቸው፣ ቶሎ ይሞላሉ።

ይዛችሁ የምትመጡት ከቀድሞው ትምህርት ቤት የተጻፈ መሸኛ፣ ያለፈው ዓመት ካርድ፣ የልደት የምስክር ወረቀት፣ የወላጅ መታወቂያና ጉርድ ፎቶ ነው። ካርዱ ኦሪጅናል ይሁን፣ ማኅተሙም የሚነበብ። ለትንንሾቹ የክትባት ካርድ የሚጠይቅም አለ። ሁሉንም ሦስት ሦስት ኮፒ አድርጉ። ይህን የምለው ኮፒ ስለምሸጥ አይደለም። እሺ፣ በጥቂቱ ስለምሸጥም ነው። ልጁ የግል ትምህርት ቤት ከነበረ ደግሞ ውዝፍ ክፍያ ሳትከፍሉ መሸኛ እንደማታገኙ እወቁ። በስልክ ለምኖ ማስላክ አይቻልም፤ አንድ ሰው በአካል መሄድ አለበት።

አሁን ደግሞ ብዙ ሰው ቸል የሚለው ነገር፦ የስም አጻጻፍ። ትምህርት ቤቱ የልጃችሁን ስም በቁቤም፣ ማለትም አፋን ኦሮሞ በሚጻፍበት ፊደል፣ በእንግሊዝኛም ሊጽፈው ይችላል። ሁለቱ በላቲን ፊደል ስለሚጻፉ አንድ ይመስላሉ፣ ግን አይደሉም። ጥላሁን በእንግሊዝኛ አጻጻፍ በቲ ይጀምራል። በቁቤ ግን የሚጀምረው ኤክስ በምንላት ፊደል ነው። ጫልቱ በቁቤ በሲ ብቻ ትጀምራለች፣ በእንግሊዝኛ ግን ሲ እና ኤች ይደረደርላታል። ሬከርድ ቢሮ ያለው ሠራተኛ ደግሞ በዕለቱ እጁ እንዳመጣለት ይጽፋል። 4ኛ ክፍል ካርድ ላይ አንድ ስም፣ 8ኛ ክፍል ላይ ሌላ፣ 12ኛ ላይ ሦስተኛ ይሆናል። ልጁ ፋይዳ ወይም ፓስፖርት ሲያወጣ አንድ ሰው መሆኑን የሚያስረዳ ወረቀት ፍለጋ ከቀበሌ ፍርድ ቤት ይመላለሳል።

መፍትሔው ቀላል ነው። ከነአባቱና ከነአያቱ ስሙን በአንድ አጻጻፍ ወስኑ። በትልቁ ጻፉና ፋይሉ ውስጥ አያይዙ። ካርድ በተቀበላችሁ ቁጥር ከውጤቱ በፊት ስሙን አንብቡ። ለ8ኛና ለ12ኛ ክፍል ፈተና ሲመዘገብ ደግሞ አጠገቡ ቁሙ።

በየትኛው ቋንቋ ይማር?

ዋናው ጥያቄ ይህ ነው፣ ሰውም የሚጨነቀው በዚህ ነው።

ነገሩ እንዲህ ነው። በ1986 ዓ.ም. የወጣው የትምህርትና ሥልጠና ፖሊሲ ልጆች የመጀመሪያ ደረጃን በአፍ መፍቻ ቋንቋቸው እንዲማሩ ፈቀደ። በ1987 የጸደቀው ሕገ መንግሥት ደግሞ በአንቀጽ 5 ሁሉም የኢትዮጵያ ቋንቋዎች እኩል የመንግሥት ዕውቅና አላቸው ይላል፤ ክልሎችም የሥራ ቋንቋቸውን ይመርጣሉ። ኦሮሚያ ከ1ኛ እስከ 8ኛ ክፍል የምታስተምረው በአፋን ኦሮሞ ነው። ከተማ ላይ ያሉ አንዳንድ ትምህርት ቤቶች ደግሞ የአማርኛ ክፍልም አላቸው። አንዳንዴ አንድ ግቢ ውስጥ ሁለቱም ጎን ለጎን ይሰጣሉ። ልጆቹ በአንድ ደወል ይወጣሉ፣ በአንድ ሜዳ ኳስ ይጫወታሉ።

ከ9ኛ ክፍል ጀምሮ ከቋንቋ ትምህርቶቹ በቀር ሁሉም መጽሐፍ በእንግሊዝኛ ነው። ይህን በደንብ ያዙት። የምትመርጡት ለስምንት ዓመት እንጂ ለዕድሜ ልክ አይደለም።

እኔ ሰው ሲጠይቀኝ መጀመሪያ የማየው የልጁን ዕድሜ ነው። ኬጂ ወይም 1ኛ፣ 2ኛ ክፍል ከሆነና እናንተም ጅማ ውስጥ ለብዙ ዓመት የምትቆዩ ከሆነ፣ አፋን ኦሮሞ ክፍል አስገቡት። አትፍሩ። ሰፈር ውስጥ እስኪጫወት ድረስ ነው። በዚያ ዕድሜ ያለ ልጅ ቋንቋ የሚለምደው በመጽሐፍ ሳይሆን በብይና በገመድ ዝላይ ነው። እንደመጣ ሰሞን አጥር ላይ ተለጥፎ ሲያለቅስ የነበረ ልጅ፣ የገና በዓል ሳይደርስ ለእናቱ ሲያስተረጉምላት አይቻለሁ። ሱቄ ድረስ መጥቶ በአፋን ኦሮሞ ላጲስ ይጠይቀኝና እናቱን ዞር ብሎ ያያታል፣ ሰማሽ ወይ በሚል ዓይነት።

3ኛና 4ኛ ክፍል መሐል ቤት ነው። ልጁ አማርኛ አቀላጥፎ የሚያነብ ከሆነ መሸጋገር ይችላል፣ ግን የመጀመሪያው ዓመት ውጤት ይወርዳል። መውረዱን ተቀበሉት፣ ቤት ውስጥ አትቆጡ። ገና ማንበብ ያልያዘ ከሆነ አማርኛ ክፍል ይግባና መጀመሪያ ማንበቡን ይጨርስ።

ከ5ኛ በላይ ያለውን ልጅ አማርኛ ክፍል አስገቡ። 7ኛ ወይም 8ኛ ከሆነማ ምንም አትከራከሩኝ። 8ኛ ላይ ሚኒስትሪ አለ። ሳይንስና ሒሳብ የከበደው ልጅ ላይ አዲስ ቋንቋ መጫን ግፍ ነው። ለአንድ ወይም ለሁለት ዓመት ብቻ የመጣችሁም እንደዚሁ፣ ልጁን አታምሱት።

ግን አንድ ነገር ልጨምር። አማርኛ ክፍል ያስገቡ ወላጆች "ተገላገልን" ብለው አፋን ኦሮሞን ይረሱታል። ለአማርኛ ክፍል ልጆች አፋን ኦሮሞ እንደ አንድ ትምህርት ይሰጣቸዋል። ልጁ ለማለፊያ ያህል ብቻ ያጠናታል። 9ኛ ክፍል ሲገባ ነው ጉዱ የሚመጣው። ሁሉም ከአንድ ክፍል ይቀመጣሉ፤ መጽሐፉ እንግሊዝኛ ነው፣ መምህሩ ግን ነገሩ ሲከብድ በየትኛው ቋንቋ የሚያብራራ ይመስላችኋል? ክፍሉ በሚሰማው ነዋ! አንዳንዱ ያደባልቃል፣ አንዳንዱ በአፋን ኦሮሞ ብቻ ይሄዳል። ፊዚክሱ በእንግሊዝኛ አልገባህ፣ ማብራሪያው በአፋን ኦሮሞ አልገባህ፣ ታዲያ ምን ቀረህ? የመጀመሪያ ልጄን ያደከመው ይህ ነበር። ስለዚህ የትኛውንም ክፍል ብትመርጡ አፋን ኦሮሞው አይቀርም።

የግል ትምህርት ቤትስ? ጥሩ አሉ። ግን ታፔላ ላይ የተጻፈ እንግሊዝኛ አያታላችሁ። ግጥሙን በእንግሊዝኛ ሸምድዶ የሚያነበንብ፣ ግን "ይህ ዓረፍተ ነገር ምን ይላል?" ሲባል ጣሪያ የሚያይ ልጅ ብዙ አይቻለሁ። የኔ መለኪያ አንድ ነው። ልጁ 3ኛ ክፍል ሲጨርስ፣ በየትኛውም ቋንቋ ይሁን፣ አንድ ገጽ አንብቦ ያነበበውን በራሱ አፍ መናገር አለበት። ያንን የቻለ ሌላውን ቋንቋ በኋላ ይጨምርበታል። ያልቻለ ልጅ በሦስት ቋንቋ ቢማር በሦስቱም ይደናገራል።

ትምህርት ቤት ስትመርጡ ቢሮ ገብታችሁ ዳይሬክተር ከማናገር በፊት በእረፍት ሰዓት ሂዱና ቁሙ። አንድ ዴስክ ላይ ስንት ልጅ እንደሚቀመጥ እዩ። ሽንት ቤቱን እዩ፣ በተለይ ሴት ልጅ ያላችሁ። ውሃ መኖሩን እዩ። ፈረቃ መሆኑን ጠይቁ። ጠዋት የሚማርና ከሰዓት የሚማር ወንድማማች ካለ ምሳና ባጃጁ እንዴት እንደሚሆን ቁጭ ብላችሁ አስቡት። ከቦሳ ቂጦ ወደ ሂርማታ በየቀኑ ሁለት ዙር ባጃጅ ደመወዝ ይበላል። ከሰፈራችሁ በእግር የሚደረስ መካከለኛ ትምህርት ቤት፣ ከከተማው ማዶ ካለ "ስመ ጥር" ይሻላል ባይ ነኝ።

"አማርኛው አይጠፋበትም?" የሚል አለ። አይጠፋም። ቤት ውስጥ የሚነገር ቋንቋ አይጠፋም። የሚደክመው ጽሕፈቱ ነው። የሀ ሁ ገበታ ግድግዳ ላይ ስቀሉ፣ ማታ ማታ ትንሽ አስነብቡት። ሰንበት ትምህርት ቤት የሚሄድ ልጅ እዚያም ያገኘዋል። አማርኛ ተናጋሪ ሙስሊም ቤተሰብ ከሆናችሁ ደግሞ ከሰዓት ቁርአን ቤት አለ፣ ስለዚህ ፊደል፣ ቁቤ፣ ዓረብኛና እንግሊዝኛ በአንድ ጭንቅላት ይገባሉ። የጅማ ልጅ ይህን ለምዶታል። አትዘኑለት።

የመጀመሪያዎቹ ወራት ከቁቤ ጋር

ቁቤ የአፋን ኦሮሞ መጻፊያ ሆኖ የተወሰነው በ1984 ዓ.ም. ነው። እንግሊዝኛ ማንበብ የሚችል ወላጅ በአንድ ቅዳሜ ከሰዓት ይለምደዋል። ቡናችሁን አፍሉና ከልጁ ጋር ተቀመጡ። የማይመሳሰሉት ፊደሎች ጥቂት ናቸው። ሲ ጨ ናት፣ ኤክስ ጠ ናት፣ ኪው ቀ ናት። ፒ እና ኤች አንድ ላይ ሲሆኑ ጰ፣ ኤን እና ዋይ አንድ ላይ ሲሆኑ ኘ ይሆናሉ። ዲ እና ኤች ሲጣመሩ የሚወጣው ድምፅ አማርኛ ውስጥ የለም። የጎረቤት ልጅ ጥሩና አፏን እያያችሁ ተማሩ፣ ከመጽሐፍ አይገኝም።

አናባቢ ሲደገም ድምፁ ይረዝማል፣ ተነባቢ ሲደገም ይጠብቃል። የአማርኛ ልጅ ቃል ጽሕፈት ላይ ነጥብ የሚያጣው እዚህ ነው። በኛ ፊደል ጥብቅና ላላ አይጻፍም፣ አንባቢው ራሱ ያውቀዋል። በቁቤ ግን መጻፍ አለበት። ልጁ ቃሉን ጮክ ብሎ ይበል፣ ሲጠብቅ ጠረጴዛ መታ ያድርግ። ጨዋታ ይሆንለታል፣ ነጥቡም ይመለሳል።

እንግሊዝኛ ሲመጣ ሌላ ግርግር አለ። ፊደሉ አንድ ነው፣ ድምፁ ሌላ ነው። ትንሹ ልጄ የእንግሊዝኛ መጽሐፉ ላይ የድመት ሥዕል እያየ፣ ከሥሩ ያለውን ቃል በቁቤ ሕግ "ጫት" ብሎ አንብቦልኛል። ጅማ ነውና ማንም አልደነገጠም። ለዚህ የምመክረው ከሱቄ ዕቃ ነው። መጽሐፎቹንና ደብተሮቹን በተለያየ ቀለም ሸፍኑ። አፋን ኦሮሞ ሰማያዊ፣ እንግሊዝኛ ቀይ፣ አማርኛ ቢጫ። ቀዩን ሲያነሳ በቀዩ ሕግ እንደሚያነብ ንገሩት። ትንሽ ነገር ነው፣ ግን ትንንሽ ልጆች ላይ ይሠራል።

የመጀመሪያ ቀን ሲሄድ ሦስት ነገር መናገር ይቻል። "ቢሻን" ውሃ፣ "መነ ፍንጫኒ" ሽንት ቤት፣ "ናፍ ሂን ገሌ" አልገባኝም። ሦስተኛዋ ትልቋ ናት። አልገባኝም ማለት የሚያፍር ልጅ ዝም ብሎ ዓመቱን ይጨርሳል። መምህሩን "በርሲሳ"፣ መምህርቷን "በርሲፍቱ" ይላል፤ አብዛኛው ልጅ ግን "ቲቸር" ነው የሚለው፣ ማንም አይቆጣም።

አስጠኚ ከፈለጋችሁ የዩኒቨርሲቲ ተማሪዎች ቤት እየመጡ ያስጠናሉ፣ በወር ትነጋገራላችሁ። የኔ ምርጫ ግን ከልጁ ሁለት ሦስት ክፍል ከፍ ያለች የጎረቤት ልጅ ናት። ከትምህርት ቤት ስትመለስ ቤታችሁ ገብታ የቤት ሥራዋን አብራው ትሥራ። መክሰስ ስጧት። በዓል ሲመጣ ደብተርና ቦርሳ ግዙላት። እናቷንም ቡና ጥሩ። ጅማ ላይ ቡና ሳይጠጣ የሚጀመር ጉርብትና የለም።

ምሳ ዕቃው

ይህን የትምህርት ቤት መመሪያ ላይ አታገኙትም።

ልጆች ምሳ ይካፈላሉ። ጅማ ውስጥ ደግሞ አንድ ዴስክ ላይ ሙስሊም፣ ኦርቶዶክስና ፕሮቴስታንት አብረው ይቀመጣሉ። ሥጋ ላይ መንገዱ ይለያያል። የሙስሊም እርድ ክርስቲያኑ አይበላም፣ የክርስቲያኑን ሙስሊሙ አይበላም። ትልቅ ሰው ይህን ሳይነገረው ያውቃል። የ6 ዓመት ልጅ አያውቅም። በቀይ ወጥ የተጠቀለለ እንጀራ ለጓደኛው ያጎርሳል፣ ማታ የጓደኛው እናት ታዝናለች።

ስለዚህ ሥጋ የቤት ይሁን። ምሳ ዕቃ ውስጥ ሽሮ፣ ምስር፣ ድንች፣ አትክልት፣ ፍርፍር በዘይት አድርጉ። በዚያ ላይ ረቡዕና ዓርብ የጾም ቀን ስለሆነ ቅቤ የሌለበት ምግብ ለሁሉም ይሆናል። ልጁ እንደልቡ ይካፈላል፣ እናንተም አትሳቀቁም። ልጃችሁንም "የነሱን አትብላ" ብላችሁ አትላኩት። "ሥጋ ከሆነ ቤታችን እንበላለን በለው" በሉት። ሁለቱ አነጋገር ልጅ ላይ የሚተወው ነገር የተለያየ ነው።

ረመዳን በየዓመቱ 11 ቀን ያህል ቀደም እያለ ይመጣል። በነዚህ ዓመታት ሁለተኛው ሴሚስተር ውስጥ ነው የሚወድቀው። በ2018 ዓ.ም. ረመዳንና ዐቢይ ጾም በአንድ ሳምንት ውስጥ ነበር የጀመሩት። ክፍሉ ግማሹ በአንዱ፣ ግማሹ በሌላው ጾሞ፣ ምሳ ሰዓት ላይ ግቢው ጭር ይላል። ከፍ ያለ ልጅ ካላችሁ በጿሚ ጓደኛው ፊት እየገመጠ እንዳይበላ ንገሩት። ማንም አይከለክለውም፣ ነውር ስለሆነ ነው። ኢድ ሲደርስ ደግሞ ወደ ጓደኛው ቤት ይሂድ፣ ፋሲካ ላይ ጓደኛው ይምጣ። ለስላሳውና ድፎ ዳቦው ከሁሉም ቤት ይበላል።

ዓርብ እኩለ ቀን ላይ የጁምዓ ሶላት አለ። ስብሰባ ወይም ማጠናከሪያ በዚያ ሰዓት አይያዝም። ቀጠሮ የምትይዙ ወላጆች ልብ በሉ።

"አንተ የየት ነህ?"

ይህ ጥያቄ ይመጣል። ከልጅም ከትልቅም። አብዛኛውን ጊዜ ክፋት የለበትም። ጅማ የገበያ ከተማ ናት። ኦሮሞው፣ ዳውሮው፣ ከፋው፣ የሙ፣ ጉራጌው፣ አማራው፣ ስልጤው በንግድም በሥራም ተገናኝቶ የኖረባት ናት። ስለዚህ ሰው ሲተዋወቅ ይጠያየቃል። ልጁ ሳይፈራ ይመልስ፦ አባቴ ከዚህ ነው፣ እናቴ ከዚያ ናት፣ እኔ አሁን ጅማ ነው የምኖረው። በቃ። መልሱን ቤት ውስጥ አስቀድማችሁ አለማምዱት። መደበቅ ያለበት ነገር እንደሆነ አድርጋችሁ ከነገራችሁት ግን ልጁ ማፈር ይጀምራል።

የፖለቲካ ወሬያችሁን ልጅ በተቀመጠበት አታውሩ። ቤት የሰማውን ነገ ሜዳ ላይ ይደግመዋል። ዜና የሚከታተሉ አባቶችን ነው የምለው፤ ራሳችሁን ታውቃላችሁ።

የአነጋገር ዘዬ ላይ ማሾፍ ሲመጣስ? ልጆች ሲሳሳቁ ያልፋል። አንድ ጊዜ ግን አንድ መምህር በልጄ ጓደኛ አነጋገር ክፍሉን ሙሉ አስቆ ነበር። እናትየዋ በእንባ ሱቄ መጣች። ክፍል በር ላይ ሄዳ ልትጮህ ነበር። ያዝኳት። እንዲህ ዓይነት ነገር ሲገጥማችሁ መጀመሪያ የክፍል ኃላፊውን አግኙ፤ ካልሆነ ዩኒት ሊደሩን፤ ካልሆነ ዳይሬክተሩን። ልጆች ባሉበት አታናግሩ። የሆነውን፣ ቀኑንና የክፍለ ጊዜውን በወረቀት ጽፋችሁ ሂዱ። ብሔር ውስጥ አትግቡ፣ ስለ ልጁ ብቻ አውሩ። ያ መምህር ከዚያ በኋላ አረፈ። ከነጭራሹ መፍትሔ ከጠፋ የወላጅ መምህር ኅብረቱ አለ፤ እዚያ ውስጥ ያሉት አብዛኞቹ የሰፈር ሽማግሌዎች ናቸው፣ ይሰማሉ።

ስብሰባ

የወላጅ ስብሰባ በአፋን ኦሮሞ ነው የሚካሄደው። አልገባኝም ብላችሁ አትቅሩ፣ ገብታችሁም በስልካችሁ አትጫወቱ። የሚሰማ ሰው አጠገብ ተቀመጡና "እባክዎ፣ ዋና ዋናውን ይንገሩኝ" በሉ። ጅማ ላይ ይህን የሚከለክላችሁ ሰው የለም። ሲያበቃ መምህሩን በአማርኛ ብታናግሩት ይመልስላችኋል። ግን ሰላምታውን በአፋን ኦሮሞ አድርጉት፣ ቢሰባበርም። "አካም ጅርቱ" ብሎ የሚጀምር ወላጅና "ልጄ ስንተኛ ወጣ?" ብሎ የሚጀምር ወላጅ እኩል አይስተናገዱም።

9ኛ ክፍል ላይ

እዚህ ጋ ብዙ ልጅ ይወድቃል። እስካሁን በሚሰማው ቋንቋ የተማረው ሁሉ በአንድ ክረምት እንግሊዝኛ ይሆናል። ስለዚህ ዝግጅቱ 7ኛ ክፍል ላይ ይጀምር። የሒሳብና የሳይንስ ቃላትን በአንድ ደብተር በሁለት ዓምድ ይጻፍ፦ በግራ በተማረበት ቋንቋ፣ በቀኝ በእንግሊዝኛ። ክረምት ሲመጣ የ9ኛ ክፍል ባዮሎጂ የመጀመሪያ ምዕራፍ በዝግታ ያንብብ። መጽሐፉን መግዛት አትችሉ ይሆናል፤ አዲሱ ሥርዓተ ትምህርት ከመጣ ወዲህ የታተመ መጽሐፍ ለሁሉም አልደረሰም። ፒዲኤፉ ቴሌግራም ላይ ይዞራል። ሙሉውን ፕሪንት ማድረግ ውድ ነው። ምዕራፍ በምዕራፍ፣ ፊትና ጀርባ አሳትሙ፣ ሁለት ገጽ በአንድ ቅጠል ይሁንላችሁ። ብዙ ልጆች ተዋጥተው አንድ ኮፒ ያወጡና ይቀባበላሉ፣ እኔም አልቀየምም።

9ኛ ክፍል ላይ አዲስ ፊቶችም ይመጣሉ። ከሰቃ ጨቆርሳ፣ ከዴዶ፣ ከማና፣ ከቀርሳ የሚመጡ ልጆች ከተማ ውስጥ ጠባብ ክፍል በጋራ ተከራይተው ይማራሉ። ቅዳሜ ቤታቸው ሄደው እሑድ ማታ ስንቃቸውን ተሸክመው ይመለሳሉ። የከተማ ልጅ አንዳንዴ በጫማቸው ይስቃል። ልጃችሁ ከሳቂዎቹ እንዳይሆን ጠብቁት። ከነዚያ ልጆች ጋር ያጥና። በሻማም በስልክ መብራትም የሚያጠና ልጅ አጠገብ የተቀመጠ ልጅ ያፍርና ደብተሩን ይገልጣል። ልጃችሁ እንግሊዝኛ ያስረዳቸዋል፣ እነሱ አፋን ኦሮሞውንና አንዳንዴ ሒሳቡን ያስረዱታል።

ድሮ 10ኛ ላይ የነበረው ብሔራዊ ፈተና ቀርቷል። አሁን ዋናው ማትሪክ 12ኛ ላይ ነው፣ ዩኒቨርሲቲ ግቢ ገብተው ይፈተናሉ። ስልክ አይገባም። በኮምፒውተር መፈተንም ተጀምሯል፣ ስለዚህ ኮምፒውተር ነክቶ የማያውቅ ልጅ ቢያንስ ማውስ መያዝ ይልመድ። የማለፊያው ነጥብ ግማሽ ነው። የ2014 ተፈታኞች 50 በመቶና ከዚያ በላይ ያመጡት 3.3 በመቶ ብቻ ነበሩ። በ2015 3.2፣ በ2016 5.4 በመቶ። ይህን ለማስፈራራት አላመጣሁትም። በየትኛው ቋንቋ ተማረ በሚለው ዓመት ሙሉ የሚጨቃጨቁ ወላጆች፣ ልጁ ማንበቡን የሚጠይቁት 12ኛ ላይ ሲደርስ ስለሆነ ነው። ላላለፉት የማካካሻ ትምህርት አለ፣ ግን ለሁሉም አይበቃም።

ዝናብ

ጅማ ይዘንባል። ከሌላ ቦታ የመጣ ሰው ይህን አቅልሎ ያየዋል። ግንቦትና ሰኔ ላይ ፈተና አለ፣ ዝናቡም ያኔ ነው። ቦርሳው ውስጥ ወፍራም ላስቲክ ይኑር፣ ደብተሮቹ እዚያ ውስጥ ይግቡ። ዩኒፎርም ሁለት ይሁን፤ አንዱ አይደርቅም። የጨርቅ ጫማ ተዉት፣ የላስቲክ ጫማ ግዙ። ጭቃው ከነጫማው ያስቀራል። ዣንጥላ ለትንሽ ልጅ አትስጡ፣ ትምህርት ቤት ረስቶት ይመጣል። የዝናብ ልብስ ይሻላል።

ስትለቁ

አንድ ቀን ተመልሳችሁ ትዛወሩ ይሆናል። ያን ጊዜ መሸኛውን ሰኔ ላይ፣ ካርድ በሚሰጥበት ሳምንት ጠይቁ። ሐምሌ ከገባ ማኅተም የያዘው ሰው እረፍት ይወጣል፣ ፈራሚው ሥልጠና ይሄዳል፣ እናንተ ሦስት ጊዜ በባጃጅ ትመላለሳላችሁ። የተረከበውን መጽሐፍ አስቀድሞ ይመልስ፣ የጠፋ ካለ ክፈሉና ክሊራንስ ይፈረምለት። በአፋን ኦሮሞ ተምሮ ወደ ሌላ ክልል የሚሄድ ልጅ ከሆነ፣ ካርዱ ላይ የትምህርቶቹ ስም በአማርኛ ወይም በእንግሊዝኛም እንዲጻፍ ሬከርድ ቢሮውን ጠይቁ። ተቀባዩ ትምህርት ቤት ቁቤ የሚያነብ ሰው ላይኖረው ይችላል። ከመውጣታችሁ በፊት በሩ ላይ ቁማችሁ ማኅተሙን፣ ፊርማውን፣ ቀኑንና የልጁን ስም አጻጻፍ አንድ በአንድ እዩ። ከዚያ ኮፒ ለማድረግ ወደ እኔ ጋ ተሻገሩ፤ እሑድ ዝግ ነኝ።